ወደ መስኮቱ ጠረጴዛ

ይድረስ ለታናሽ እህቴ፣ ለእናቴ ልጅ።

እንዴት ከረምሽልኝ? ወገብሽስ? ብርድ ሲገባ ይቆረጥመኛል ያልሽው ጉልበትሽስ? ባልሽ፣ ያ ሳቁ ቀድሞት ከበር የሚገባው፣ ደህና ነው ወይ? ልጆችሽ ቁመታቸው የት ደረሰ? አማትሽስ ያ ሳላቸው ለቀቃቸው? እኔ ስለ እያንዳንዳችሁ ሳስብ ነው የምውለው፤ ሳስብም እንደ ድሮው በጭጋግ ውስጥ ሳይሆን ፊታችሁ ጥርት ብሎ ይመጣብኛል። እኔን ከጠየቅሽኝ ዓይኔ ድኗል፤ ሆዴ ግን አልዳነም። ይህን ደብዳቤ የምጽፍልሽ ስለ ሁለቱም ነው።

ፊደሌ ቢንጋደድብሽ አትሳቂ። ልጄ ሥራ ከያዘች በኋላ፣ ሰው የልጅ ልጅ በሚያቅፍበት ዕድሜ ደብተር አቅፌ ፊደል መቁጠሬን አንቺው ታውቂያለሽ። አሁን ሩቁን ሁሉ ያለ መነጽር አያለሁ፤ ለመጻፍና ለማንበብ ግን ትንሽዬ መነጽር አፍንጫዬ ጫፍ ላይ ሰክቻለሁ። ዓይኔን በሌዘር ያከመችኝ ዶክተር ይኸኛው የዕድሜ ነው፣ ሌዘሩ አያጠፋውም ብላኛለች። ዕድሜማ በምን ይጠፋል!

ባለፈው በስልክ ሁለት ነገር ጠየቅሽኝ። አንደኛው፣ ከሌዘሩ በኋላ እንደ ልብሽ መንቀሳቀስ ጀመርሽ ወይ፣ ምን ተፈቀደልሽ፣ ምን ተከለከልሽ የሚል ነበር። እሱን በደስታ እመልስልሻለሁ። ሁለተኛው ግን፣ «እትዬ፣ ስኳሬን ይቅር በያት፤ የአክስታችን ልጅ ናት፤ ዘመድ ከዘመዱ አህያ ካመዱ ነው» ያልሽኝ ነው። ያኔ ስልኩን ዘጋሁብሽ። አንቺን ተቀይሜ እንዳይመስልሽ። ስናደድ እንባዬ ይመጣል፣ እንባ ሲመጣ እጄ ወደ ዓይኔ ይሄዳል፣ ዓይኔን ማሸት ደግሞ በጥብቅ የተከለከልኩት ነገር ነበር። አሁን ዓይኔ ስለ ጠና ተናድጄም ቢሆን መጻፍ እችላለሁ።

አንቺ ስኳሬን የምታውቂያት በልጅነቷ፣ በቀሚሷ ጫፍ ፊቷን ሸፍና ስትሽኮረመም ነው። እኔ የማውቃትን ስኳሬ እንድታውቂያት ሁለታችን የምንሠራበትን ላውንደሪ ላሳይሽ። ከጓሮ በኩል የማጠቢያው ክፍል አለ፤ እዚያ በረኪናና እንፋሎት ነው፣ ሰው ከሰው አይተያይም። መሐል ላይ ተኳሾቹ በካውያቸው ተሰልፈዋል። ከፊት፣ ወደ መንገዱ በሚያየው ትልቅ መስኮት ሥር፣ ሰፊው ጠረጴዛ አለ። ከዚያ ጠረጴዛ የምትቆመው ሴት የተተኮሰውን አንሶላ እየዘረጋች ወደ ብርሃን ታያለች። እድፍ ካለው «ይመለስ!» ትላለች፤ ከሌለው «ንጹሕ ነው» ብላ ታጥፈዋለች። በእኛ ቤት ከዚህ የሚበልጥ ወንበር የለም፤ ምንም እንኳ ቀኑን ሙሉ ቆሞ የሚዋልበት ቢሆን። በዚያ ጠረጴዛ ያረጀሁት እኔ ነኝ።

ጠረጴዛው ክብር እንዳለው ሁሉ ውርደትም አለው። እድፍ ያለበት አንሶላ አልፎ ሄዶ ባለቤቱ ከመለሰው፣ መግቢያው በር ላይ ከተወጠረው ገመድ ላይ ይሰቀላል፤ ከጎኑም ጥቁር ሰሌዳ ላይ ያሳለፈችው ሴት መጠሪያ በጠመኔ ይጻፋል። ገቢ ወጪው ሁሉ ከሥሩ ጎንበስ ብሎ ነው የሚያልፈው። የሐፍረት ገመድ እንለዋለን። በእኔ ጊዜ ያ ገመድ ወፍ ማረፊያ ነበር።

ስኳሬን ወደዚያ ቤት እጇን ይዤ ያስገባኋት እኔ ነኝ። አንሶላ በሁለት እጅ እንዴት እንደሚወጠር፣ ማዕዘን ከማዕዘን እንዴት እንደሚገጠም ያሳየኋት እኔ ነኝ። አንድ ነገር ብቻ እምቢ አለችኝ። እኔ የአንሶላውን ጠርዝ ወደ ውስጥ አስገብቼ ነው የማጥፈው፤ እሷ ወደ ውጭ ታወጣዋለች። «እትዬ፣ እጄ እንዲህ ለምዷል» አለችኝ፤ ተውኳት። ሰው ሁሉ ወደዳት። ስኳሬ ያሏት ስለ ምላሷ ነው፤ አጣቢዋን «የኔ አበባ»፣ ተኳሿን «የኔ ሸጋ» እያለች ነው የምትውለው። ውስጡን ለቄስ።

ከዚያ ገመዱ ላይ አንሶላ መሰቀል ጀመረ። በእኔ ስም። መነጽሬ የጠርሙስ ቂጥ የሚያህል መሆኑ እውነት ነው፤ ከጠረጴዛው ላይ ነጥብ ታመልጠኛለች ማለት ግን ውሸት ነው። የተመለሰውን አንሶላ በጣቴ ስዳስሰው ጠርዙ ወደ ውጭ ወጥቷል። ልብ በይ፣ የእኔ እጥፋት አይደለም። ያየሁትን አሳልፌ ዞር ስል ከክምሬ መሐል የሚሰገስግ እጅ አለ ማለት ነው። ለአለቃችን ነገርኳቸው፤ «ሴትዮ፣ ጠርዝ አይመሰክርም» አሉኝ። ስኳሬ ምን ያለች ይመስልሻል? እንባዋን እያበሰች፣ «አትፍረዱባት፤ እትዬ እኮ ዓይኗ ነው፤ በስተርጅና ፊደል ስትቆጥር ዓይኗን ጨረሰችው» አለች። አየሽ አሟሟቴን? ተከራክራልኝ ገደለችኝ። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ፤ እኔ ወደ ማጠቢያው ክፍል ወረድኩ፣ እሷ መስኮቱ ሥር ቆመች።

በማጠቢያው ክፍል እውነትም ታወርኩ። መነጽሬን ሳደርግ እንፋሎቱ ይሸፍነዋል፣ ሳወልቅ ገንዳውና ወለሉ አንድ ይሆኑብኛል። የሳሙና ውሃ ላይ ተንሸራትቼ ከነቅርጫቱ ስወድቅ የሳቀውን ሰው ሁሉ በድምፁ አውቀዋለሁ። በማግሥቱ ልጄ እጄን ይዛ ወደ ዓይን ሐኪም ወሰደችኝ። ዶክተሯ መረመረችኝና፣ «እናቴ፣ ይህ በሌዘር ይስተካከላል» አለችኝ። ቢላዋው የት አለ ብላት፣ በብርሃን ነው የምንሠራው አለችኝ። ብርሃን ከቆረጠልኝማ ቁረጪው አልኳት።

ሥራው ራሱ ቡና አፍልቶ ከመጠጣት ያጠረ ነው። የከበደኝ ከዚያ በኋላ ያለው ነው። የዚያን ዕለት ዓይኔ አሸዋ የተረጨበት ያህል ቆረቆረኝ፣ አነባ፣ ብርሃን ጠላ። ተኝቼ ስነቃ ግድግዳው ላይ የተሰነጠቀውን ቀለም አየሁ። መነጽሬን ፍለጋ እጄን ሰደድኩ፤ ፊቴ ላይ የለም፣ ትራሴ ሥርም የለም፣ ግን አያለሁ። ልጄ በሳቅ ሞተች። ዶክተሯ የነገረችኝን ሁሉ ልጄ እንደ ወታደር አስጠበቀችኝ፦ ዓይን አይታሽም፤ ስትተኚ የፕላስቲኩን መከለያ ታደርጊያለሽ፤ ጠብታው ሰዓቱን ጠብቆ ይገባል፤ ስትታጠቢ ውሃና ሳሙና ወደ ዓይን አይድረስ፤ ኩል የሚባል ነገር ለጊዜው እርሺው፤ አቧራና ጭስ ካለበት ራቂ። እንዳትረሽ፣ አንቺም አንድ ቀን ይህን ማስደረግሽ አይቀርምና ጻፊው።

ስለ ስፖርትም ጠይቀሽኝ ነበር። ዶክተሯ፣ «ምን ዓይነት እንቅስቃሴ ትሠሪያለሽ?» ስትለኝ፣ ርጥብ ቅርጫት እሸከማለሁ አልኳት። ሳቀች። ቀስ ያለ የእግር ጉዞ በጥቂት ቀን ውስጥ ትጀምሪያለሽ፣ ግን ላብ ወደ ዓይን እንዳይወርድ ግንባርሽን እሰሪ፤ ከባድ ማንሳት ቀስ በቀስ ይመለሳል፤ ኳስና ግፊያ ካለበት ቦታ ራቂ፤ ዋና ደግሞ እኔ ሳልፈቅድ የለም አለችኝ። እኔ የምዋኘው በሳሙና ውሃ ውስጥ ነው ብላት፣ እሱማ ጭራሽ የለም አለች። እንፋሎቱ፣ የበረኪናው ፍንጣሪ፣ ሁሉም ለዚህ ዓይን ጠር ነው፤ ሥራ ስትመለሺ ደረቅ ቦታ፣ ብርሃን ያለበት ቦታ ይስጡሽ አለችኝ። በእኛ ቤት ደረቅና ብርሃን ያለበት ቦታ አንድ ብቻ ነው። የማን እንደሆነም ታውቂያለሽ።

ስለዚህ እህቴ፣ ሌላው ሰው ለጤናው ይራመዳል፤ እኔ የተራመድኩት ለዚያ ጠረጴዛ ነው። ጎረቤቴ ጡረታ የወጡ የስፖርት መምህር ናቸው፤ እስከዛሬ ፊሽካቸውን ከአንገታቸው አላወለቁም፣ ሰፈሩም ፊሽካው ይላቸዋል። ጥቁር መነጽር አድርጌ ግንባሬን በሻሽ ጠፍሬ ስወጣ አዩኝና፣ «ወዴት ነው ዘመቻው?» አሉኝ። ዘመቻ ነው አልኳቸው። ከዚያ ወዲህ ጠዋት ጠዋት አብረን እንሄዳለን። ጉድጓድ ሲያዩ ፊሽካ ይነፋሉ፤ እኔ ደግሞ ጉድጓዱን ከእሳቸው ቀድሜ እያየሁ እንኳን ዝም እላለሁ፣ ደስታቸውን ላለመቀማት። ሰውነቴ ሲላቀቅ ክንድ ማንሳት ጨመሩልኝ። አንሶላ እንደሚዘረጋ ሰው ሁለት እጄን ከራሴ በላይ አንስቼ እይዛለሁ፤ እሳቸው ይቆጥራሉ። «ይህ ሁሉ ለጤና ነው?» ሲሉኝ፣ ለጤናማ በቀል ነው አልኳቸው። ፊሽካቸው ከአፋቸው ወደቀ።

መንገዳችን በላውንደሪው ፊት ለፊት እንዲያልፍ ያደረግኩት እኔ ነኝ። መጀመሪያ ቀን ከመንገዱ ማዶ ቆሜ ቀና ስል፣ ገመዱ ላይ አንሶላ ተሰቅሏል። ከጎኑ ሰሌዳው ላይ ነጭ ጽሑፍ አለ። እህቴ፣ እኔ እስከዚያን ቀን ፊደል የማነበው ወረቀቱን አፍንጫዬ ላይ ለጥፌ ነበር። በሕይወቴ መንገድ ተሻግሮ የመጣልኝ የመጀመሪያው ቃል ምን እንደሆነ ልንገርሽ? «የዕውሯ» ይላል። ቤቴ ተኝቼ ጠብታ በምጨምርበት ሰሞን፣ አልፎ የተመለሰው እድፍ ሁሉ የእኔ ቅሪት ተብሎ በእኔ ላይ ይሰቀል ነበር። ፊሽካው ፊቴን አይተው «አሞሻል?» አሉኝ። አላመመኝም፤ ማንበብ ቻልኩ አልኳቸው። ዓይኔን እንዳላሽ እጄን እጄ ላይ አስሬ ቆምኩ።

ከዚያ በየጠዋቱ አየኋት። መስኮቱ እኮ ለብርሃን ነው የተሠራው፤ ከውስጥ አንሶላውን እንደሚያሳይ ሁሉ ከውጭ ሴትዮዋን ያሳያል። ስኳሬ አንሶላውን ትዘረጋዋለች እንጂ አታየውም፤ ፊቷን ወደ ተኳሾቹ አዙራ ታወራለች። አጣቢዎቹ የሚወዷት ለዚህ ነው፤ «ይመለስ» የሚል ቃል ከአፏ አይወጣም፣ ማንንም አታለፋም፣ ለሁሉም ስኳር ናት። ግልጽ የሆነ እድፍ ሲገጥማት ደግሞ ወደ ውስጥ ታጥፈዋለች፣ ጠርዙን ወደ ውጭ ታወጣለች፣ ከክምሩ መሐል ትሰገስጋለች። የጥፍሯን ቀለም ሳይቀር ከመንገድ ማዶ ለየሁት። አንድ ቀን ቀና አለችና አየችኝ። በጥቁር መነጽሬ ውስጥ የት እንደማይ ስላላወቀች እጇን አውለበለበችልኝ። እኔም አውለበለብኩላት። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም።

ዶክተሯ በዓይን መመርመሪያ ሰሌዳዋ ላይ የመጨረሻዋን ትንሿን ረድፍ አስነበበችኝና ወደ ሥራ እንድመለስ ፈቀደችልኝ። በማግሥቱ ግንባሬን አስሬ ገባሁ። አለቃችን እንኳን ማረሽ አሉኝና እጃቸውን ወደ ጓሮ ጠቆሙ፤ ማጠቢያው ክፍል። ሐኪም ከልክሎኛል አልኳቸው። «እንግዲያው ድነሽ ስትጨርሺ ነይ፤ መስኮቱ ሰው ይዞታል» አሉ። ስኳሬ ከጠረጴዛዋ ሆና፣ «እትዬ፣ ትንሽ እረፊ እንጂ፤ ለዓይንሽ እኮ ነው የምንለው» አለች።

በቤታችን አንድ የቆየ ሥርዓት አለ። ከጠረጴዛው የቆመችውን ሴት የሚጠራጠር ሰው በአለቃ ፊት «ይገለጥ!» ማለት ይችላል። ለመሄድ የተዘጋጀው ክምር በሁሉም ፊት አንድ በአንድ ይገለጣል። እድፍ ከተገኘ ጠረጴዛው ለተናጋሪዋ ነው፤ ካልተገኘ ግን ተናጋሪዋ ወደ ጓሮ ወርዳ ርጥብ ቅርጫት ስትሸከም ትኖራለች። ለእኔ ደግሞ ጓሮ መውረድ ይህን ዓይን መልሶ ማጥፋት ነው። ይህን እያወቅኩ፣ አፌን ሞልቼ «ይገለጥ!» አልኩ።

ስኳሬ ሳቀች፤ «እትዬ፣ ዓይንሽ ሳይድን ልብሽ አበጠ» አለችኝ። ሴቶቹ ዙሪያችንን ቆሙ። መግለጥ ጀመርኩ። የመጀመሪያው አንሶላ ንጹሕ ነው። ቀጣዩም ንጹሕ። ከዚያም ንጹሕ። ከአጣቢዎቹ አንዷ ርጥቡን ቅርጫት ገፋ አድርጋ አጠገቤ አስቀመጠችና፣ «ነይ፣ እየጠበቀሽ ነው» አለች፤ ሳቁ ተከተለ። ያንን ሳቅ አውቀዋለሁ፤ የወደቅኩ ቀን የሰማሁት ነው። ላቤ ግንባሬ ላይ ካሰርኩት ሻሽ ዘልቆ ወደ ዓይኔ ሊወርድ ሲል ጭንቅላቴን ቀና አድርጌ አቆምኩት፤ አላሸሁትም። ክንዴን አመስግኚልኝ፤ ፊሽካው ያለማመዱልኝ ክንድ አንሶላውን ከራሴ በላይ ይዞ ሳይንቀጠቀጥ ቆመ።

ከክምሩ መሐል ስደርስ ጠርዙ ወደ ውጭ የወጣ አንድ እጥፋት አየሁ። ወዲያው አልገለጥኩትም። ስኳሬን ቀና ብዬ አየኋት። ከንፈሯ ነጣ። ቀስ አድርጌ፣ እንደ ሙሽራ ልብስ፣ ከፈትኩት። እድፉ መሐሉ ላይ ተኝቷል፣ የእጅ መዳፍ የሚያህል። ሌላ ጠርዙ የወጣ አገኘሁ፤ ከፈትኩ፤ ያውና! ሌላም። ስኳሬ ይሄኔ፣ «ይሄ የእሷ ቅሪት ነው! ከድሮ የተረፈ ነው!» ብላ ጮኸች። ያኔ አንዷ ተኳሽ፣ እስከዚያ ቀን ነገር ሁሉ ሲደርስብኝ አንገቷን ደፍታ ካውያዋን ትገፋ የነበረችው፣ ወደ ፊት መጣችና መዳፏን አንሶላው ላይ አድርጋ፣ «አለቃ፣ እጅዎን ያድርጉበት፤ አሁን ከካውያዬ የወጣ ነው፤ ገና ይሞቃል» አለች። አለቃችን እጃቸውን አደረጉ። ሞቀ። እጅ ከፍንጅ ማለት ይህ ነው፤ ዓይን ያወጣ ውሸት በሞቀ ጨርቅ ተያዘ።

አንሶላዎቹን ገመዱ ላይ ሲሰቅሉ፣ አለቃችን ጠመኔውን ለእኔ ሰጡኝ። ሰሌዳው ላይ ያለውን «የዕውሯ» በክንዴ ጠረግኩት። ከዚያ በትልቁ፣ ከመንገድ ማዶ የሚነበብ አድርጌ፣ «የስኳሬ» ብዬ ጻፍኩ። በስተርጅና ፊደል መቁጠሬ ለምን እንደሆነ ለሚጠይቅሽ ሰው፣ ለዚች ቀን ነው በይልኝ። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ሥራ ስንጨርስ ገመዱ ሥር ጠበቀችኝ። ጠረጴዛውን ያሸነፈች ሴት ከፈለገች አንሶላውን በዚያው ማታ ማውረድ ትችላለች፤ ካልፈለገች ባለ መኪኖቹ፣ አከፋፋዮቹ፣ መንገደኛው ሁሉ እስኪያነቡት ይሰነብታል። ስኳሬ ክንዴን ይዛ፣ «እትዬ፣ በእናቶቻችን አፅም፤ የእናቶቻችንን ጡት አስቢ፤ አውርጂው» አለችኝ። ያኔ የአንቺ ድምፅ በጆሮዬ መጣ፣ ዘመድ ከዘመዱ የሚለው። እኔም የእናቶቻችንን አፅም አሰብኩ፤ የእኔ ስም እዚያ ሲሰቀል ግን ያ አፅም የት ነበር? ክንዴን ከእጇ አላቀቅኩ። ከአንሶላዎቹ ሥር ጎንበስ ብዬ ሄድኩ። ዶክተሯ ጎንበስ ማለት ፈቅዳልኛለች።

አሁን እኔ መስኮቱ ሥር ነኝ፤ እሷ ማጠቢያው ክፍል። የምታጥበው ሁሉ ተተኩሶ ወደ እኔ ይመጣል። መጥፎ አጣቢ ናት፤ ሥራውን በምላሷ ስትገፋ ስለኖረች እጇ አልለመደም። «ይመለስ!» ስል ድምፄ እስከ ጓሮ ይደርሳል፤ እየመጣች ትወስዳለች፣ መልሳ ታጥባለች፣ መልሳ ታመጣለች። ፊሽካው ይህን ስነግራቸው፣ «አሁንስ አይበቃሽም?» አሉኝ። አንቺም ይህን አንብበሽ እንዲሁ እንደምትዪ አውቃለሁ። አይበቃኝም።

ትናንት የሆነውን ግን ልንገርሽ፣ ከዚያ ራስሽ ፍረጂ። አንድ አንሶላ ራሷ ይዛ መጣች። እጇ በበረኪና ተላልጧል። «እትዬ፣ ይህን እንኳ እይልኝ» ብላ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። ዘረጋሁት፣ ወደ ብርሃን ያዝኩት። ከማዕዘን እስከ ማዕዘን፣ ከፊትም ከጀርባም። ነጭ ነው፤ እንከን የለውም። ተኳሾቹ ካውያቸውን አቁመው ያዩናል። «ይመለስ» የሚለው ቃል ምላሴ ላይ ቁጭ ብሎ ነበር፤ ብለው ማን ይከራከረኛል? ከእኔ ዓይን በላይ አሁን በዚያ ቤት ምስክር የለም። ግን አሰብኩት። አንዴ ከዋሸሁባት የተበደለች ትሆናለች። የተበደለ ሰው ደግሞ ቤቱ ሄዶ፣ በደሌን ፈጣሪ ይይልኝ ብሎ እንቅልፉን ይተኛል። ያን እንቅልፍ እኔ አውቀዋለሁ፤ በማጠቢያው ክፍል ዘመኔ ያቆመኝ እሱ ነው። ለስኳሬ አልሰጣትም። በቀሌ እንደ አንሶላ ነው፤ ነጥብ ካረፈበት ዋጋ የለውም።

«ንጹሕ ነው» አልኩ፣ ሁሉም እንዲሰማ። ጠርዙን ወደ ውስጥ አስገብቼ አጠፍኩት። እሷ ቆማ ቀረች፤ ሌላ ቃል የምጨምርላት መስሏት። ዓይኗ ሞላ። እኔም አየኋት፣ በጠራ ዓይኔ፣ ሽፋሽፍቷን አንድ በአንድ ለይቼ። ከዚያ፣ «ቀጣዩን አምጪ» አልኳት።

እንግዲህ እህቴ፣ ይቅር በያት ካልሽኝ መልሴ ይህ ነው። በአንድ ስልክ፣ በአንድ እንባ የሚሰጥ ይቅርታ የለኝም። ካስፈለጋት አንሶላ በአንሶላ ታምጣው፤ ንጹሑን ንጹሕ ነው እላለሁ፣ ያደፈውን እመልሳለሁ። እኔ ወደየትም አልሄድም፤ መስኮቱ ሥር ነኝ።

ባልሽን ሰላም በይልኝ፤ ሳቁ ከመንገድ ማዶ ይሰማኛል በይው። ታላቁን ልጅሽን፣ ፎቶውን አሁን በደንብ አይቼ የአባታችን አፍንጫ ያለው እሱ መሆኑን ለየሁ፤ ሳሚልኝ። ትንሿን ደግሞ ሁለት ጉንጯን። አማትሽን እጅ ነሥተሽ፣ ሳላቸውን በሙቅ ውሃ እንዲያስታግሱ ንገሪልኝ። ልጄም ሁሉንም ሳሚልኝ ብላለች። ስኳሬ ደውላ ታለቅስብሽ ይሆናል፤ አትዝጊባት፣ ዘመድሽ ናት። ሰላምታ ብትሰጪያትም አልከለክልሽም፤ በእኔ ስም ግን አይሁን።

የሁልጊዜ ታላቅሽ።

ከላውንደሪው ጀርባ ካለችው ክፍሌ፣ ጥቅምት 19 ቀን